አርባ ሴኮንድ ጨለማ

ሄልዩ ካሜራዋን ከሃሊስቴ ወንዝ ዳር ተከለች፤
እግሩ ሦስት፣ ዓይኑ አንድ፤ ዓመት ሙሉ ሳትነቅለው ከረመች።
"ቀን አልቆጥርም" አለችኝ፣ "ውሃው ይቁጠርልኝ፣
አንቺ ከጨለማ ክፍልሽ ሆነሽ ኋላ ስፊልኝ።"

እኔ ቆራጭ ነኝ።
የሰው ዓመት በሣጥን ታሽጎ ይመጣልኛል፣
ከዚያ ሰባ ደቂቃ መዝኜ እንዳወጣ ይጠበቅብኛል።
የቀረው ይወድቃል።
ከዚህ ወለል ላይ ስንት ፀሐይ ጠርጌአለሁ!

በሶማ ረግረግ፣ በኢስቶኒያ ምድር፣
ሰው ወቅት ሲቆጥር አራት ላይ አይቆምም።
ክረምት ሳይሰናበት፣ ፀደይም ሳይገባ
በረዶው ቀልጦ ወንዙ ከአልጋው ይነሣል፣
ሜዳውን፣ አጥሩን፣ የድንቹን ጓሮ ይወርሳል፣
በግ ቆጥ ላይ ትወጣለች፣ ፖስተኛ በጀልባ ይደርሳል።
ስም አላወጡለትም። "አምስተኛው" ይሉታል፤
ሳይጠሩት እንደመጣ አማች ገለል ብለው ቦታ ይለቁለታል።

ኤንደል ሰማንያ ሁለት ዓመቱ ነው።
ጀልባው ከአንድ ግንድ የወጣች ናት፤ አባቱ በመጥረቢያ ቀረጻት።
እሱን ደግሞ ሄልዩ በመስታወት ቀረጸችው።
ቃሉ አንድ ነው፤ ሥራውም አንድ፣ መጣል ነው፦
ጀልባ ያልሆነውን እንጨት፣
ኤንደል ያልሆነውን ቀን።

ጥቅል ሦስት። በጋ። ማጭድ ይሳላል፤ ድምፁ ከምስሉ ይቀድማል።
ትንኝ ሌንሱ ላይ አርፋ ሰማዩን ታህላለች።
ጥቅል ዘጠኝ። መኸር። የወደቀ ፖም፤ ተርብ ከውስጡ ገብቷል።
ኤንደል በጫማው ጫፍ ገለበጠው፣ አየው፣
መልሶ ገለበጠው።
ጥቅል አሥራ አራት። ነጭ።
አሥራ አንድ ደቂቃ ነጭ።
አንድ ቁራ ገባ። ተሰላቸና ወጣ።

እዚህ ላይ ሰረቅሁ፤ ልናዘዝ።
ታኅሣሥ ቢሳሳብኝ የሚያዝያን በረዶ ጣፍሁበት፣
ስፌቱ እንዳይታይ የንፋስ ድምፅ አለበስሁት።
ሄልዩ አንዴ አይታ ሳቀች፦
"የታኅሣሥ ፀሐይ ከአጥሩ እምብዛም አትዘልም፤
ይቺ ግን ከፖሙ ዛፍ ጫፍ ተቀምጣለች።
በረዶ ይዋሻል፣ ጥላ አይዋሽም።"
ፈታሁት።

እሷ የምትሻው አንዲት ቅጽበት ነበረች፦
በረዶው መጀመሪያ የሚሰነጠቅባት፣
ክረምት "ነኝ" ሊል አፉን ሲከፍት "ነበርሁ" የሚልባት።
አሥራ ዘጠኝ ሌሊት ጠበቀች፣
የኤንደልን የበግ ቆዳ ደርባ፣ ሻይዋን በፔርሙስ ይዛ።
በሃያኛው ባትሪው በብርድ ሞተ።
ያኔ መጣ።

ካፖርቷ ውስጥ የተወሸቀው ማይክሮፎን ብቻ ነበር የነቃ፤
መጀመሪያ የሩቅ በር፣
ቀጥሎ አቡጀዲ ሲቀደድ፣
ቀጥሎ ምንም፤ የሚከብድ ምንም፤
ቀጥሎ የኤንደል ሳል፣
"በይ፣ መጣልሽ" የሚል።

ምስል የለም።
ቆራጭ መቼም ካልቆረጠ ምኑን ቆራጭ ሆነ!
ቆረጥሁ፤ አርባ ሴኮንድ ጥቁር አስገባሁ፣ ድምፁን ብቻ ለቀቅሁት።
ከታሊን የመጣው ባለገንዘብ ተቆጣ፤
"ሰው መብራት ጠፋ ይላል" አለን።
"ይበል" አልነው።

በመንደሩ ትምህርት ቤት አዳራሽ አሳየነው።
ኤንደል አልመጣም፤ "ውሃውን አይቼዋለሁ" ብሎ ቀረ።
ጥቁሩ ሲገባ አንድ ልጅ "ተበላሸ!" አለ፣
ከኋላ አግዳሚ ተንቋቋ፣
ከዚያ በሩ፣ አቡጀዲው፣ ያ ምንም።
ከማሳያው ማሽን በሚያመልጠው ቀጭን ብርሃን
ጎረቤቱን ሳልሜን አየኋት፣ ከፊት ረድፍ፤
ዞር ብላ ማንንም ሳታይ፣
ቀስ አድርጋ
ሁለት እግሮቿን ከወለሉ አነሣች።